ቃርና መድኃኒቱ፦ የትኛውን? መቼ? እንዴት?

ከጊፋታ በዓል ማግስት ጀምሮ በማደሪያችን አንድ ጥያቄ በርክቷል። «ልቤን አቃጠለኝ፤ አንድ ፍሬ የጨጓራ ኪኒን ያለው አለ?» ይባላል፤ ያለውም ያወጣና ይሰጣል። ጥሬ ሥጋ በዳጣ፣ በላዩ ቡና፣ ከዚያ ወዲያው ጋደም ማለት፤ ቃሩ ባይመጣ ነበር የሚገርመው። ዛሬ ስለ ኪኒኑ ልንነጋገር የወደድነው ሳያውቁ መስጠት ጉዳት እንዳለው ስላየን ነው።

ቃር የልብ በሽታ አይደለም። ጨጓራችን ምግብ የሚፈጨው በሃይድሮክሎሪክ አሲድ ረዳትነት ሲሆን ራሱን ከአሲዱ የሚከላከልበት ሽፋን አለው። የምግብ ቧንቧ ግን ይህ ሽፋን የለውም። በመካከላቸው ያለው መዝጊያ ጡንቻ ሲላላ አሲዱ ወደ ላይ ይወጣና ደረትን ያቃጥላል።

መድኃኒቶቹ በሦስት ይከፈላሉ።

አንደኛ፣ አንታሲድ። ማግኒዥየም ሃይድሮክሳይድና አሉሚኒየም ሃይድሮክሳይድ ይገኙበታል። በሳይንስ ትምህርት እንዳየነው አሲድና ቤዝ ሲገናኙ ጨውና ውሃ ይሆናሉ፤ በሆዳችንም የሚሆነው ይኸው ነው። በደቂቃዎች ውስጥ ያስታግሣል፤ ግን ብዙ አይቆይም። የሚታኘከው በደንብ ይላመጥ፤ ሽሮፑም ሳይነጥ አይጠጣ። ማግኒዥየሙ ያስቀምጣል፣ አሉሚኒየሙ ሆድ ያደርቃል።

ሁለተኛ፣ ጨጓራ አሲድ እንዲያመነጭ የሚሰጠውን ትእዛዝ የሚያግዱ፣ እንደ ሲሜቲዲንና ፋሞቲዲን ያሉ ናቸው። ከአንታሲድ ዘግይተው ይጀምራሉ፤ ግን ለብዙ ሰዓት ይቆያሉ። የዚሁ ወገን የሆነው ራኒቲዲን ካንሰር ሊያመጣ የሚችል ነገር ስለተገኘበት የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር እ.ኤ.አ. በ2020 ከገበያ እንዲወጣ ጠይቋል። ስለዚህ ከሻንጣ ሥር የቆየ ፍሬ አውጥቶ መዋጥ አይገባም።

ሦስተኛ፣ ኦሜፕራዞል። አሲድ የሚረጨውን የጨጓራ ፓምፕ ራሱን ይዘጋል። ከቁርስ በፊት ከ30 እስከ 60 ደቂቃ ቀድሞ፣ ካፕሱሉ ሳይከፈት ይዋጣል። ሙሉ ኃይሉን ለማሳየት ከ1 እስከ 4 ቀን ስለሚፈጅ ሲያቃጥል ብቻ አንድ ፍሬ መዋጥ ብዙም አይጠቅምም። ያለ ሐኪም ምክር ከ14 ቀን በላይ አይወሰድ።

አሁን ወደ ገጠመን እንምጣ። አንድ ጓደኛችን ታይፎይድ ይዞት ሲፕሮፍሎክሳሲን ታዘዘለት። ሆዱን ስላቃጠለው በየፍሬው ላይ አንታሲድ ይጨምር ጀመር። አንታሲዱን የሰጠነው እኛው ነን። ቀናት አለፉ፤ ትኩሳቱ አልበርድ አለ። መድኃኒት ቤት ብንወስደው ባለሙያዋ «አብረህ ነው እንዴ የምትውጠው?» ብላ ደነገጠች። ለካ ማግኒዥየሙና አሉሚኒየሙ መድኃኒቱን አሥረው ወደ ደም እንዳይገባ ያደርጉታል! ሲፕሮፍሎክሳሲን ከአንታሲድ 2 ሰዓት ቀድሞ ወይም 6 ሰዓት ዘግይቶ መወሰድ አለበት። ዶክሲሳይክሊንና የብረት ኪኒንም ከአንታሲድ ጋር አብረው አይዋጡም።

የሆድ ሕመም ሲመላለስ ደግሞ ምርመራ ያስፈልጋል። የአውስትራሊያ ሐኪሞቹ ባሪ ማርሻልና ሮቢን ዋረን ለጨጓራ ቁስለት ዋና ምክንያት የሆነውን ሄሊኮባክተር ፓይሎሪ የተባለ ባክቴሪያ በማግኘታቸው እ.ኤ.አ. በ2005 የኖቤል ሽልማት አግኝተዋል። ይህን ባክቴሪያ አሲድ መቀነሻ ብቻውን አያጠፋውም፤ አንቲባዮቲክ ይጨመርበታል። ኦሜፕራዞል እየወሰደ የሚመረመርም ባክቴሪያው ሊደበቅበት ስለሚችል አስቀድሞ ለሐኪሙ ይንገር።

ጥቁር ሰገራ፣ ደም ማስታወክ፣ ምግብ ሲዋጥ መታነቅ፣ ያለ ምክንያት መክሳት፣ ወደ ክንድ የሚሄድ የደረት ሕመም ከታየ ግን ኪኒን ፍለጋ ቀርቶ በቀጥታ ወደ ሐኪም መሄድ ነው።

እንግዲህ እራት ከመኝታ 3 ሰዓት በፊት ይበላ፤ የአልጋው ራስጌ ከፍ ይበል፤ ዳጣውና ቡናው ይመጠን። አስፕሪንና ዳይክሎፌናክም ጨጓራን እንደሚጎዱ አንርሳ። ነገ በየገጠሩ ስንመደብ «መምህር፣ መድኃኒት ይኖርዎታል?» የሚለን ብዙ ነው። ያን ጊዜ ፍሬ ከመስጠታችን በፊት «ሌላ የሚወስዱት መድኃኒት አለ?» ብለን መጠየቅን ከአሁኑ እንልመድ።