ብርሃን፣ ካሜራና የሸካ ደን

ስለ ሀገራችን ተራራማ አካባቢ ነባር ማኅበረሰቦችና ስለ ተፈጥሮ ጥበቃ የተሠሩ ዘጋቢ ፊልሞች ሲነሡ የጋሞ ደጋ ይጠቀሳል። እ.ኤ.አ. በ2009 የወጣው «ሺህ ፀሐዮች» እና በ2013 የወጣው «እሳትና በረዶ» የጋሞን ሕዝብ ኑሮ ለዓለም አሳይተዋል። የጋሞ ደጋ በአብዛኛው እርሻና ግጦሽ ያለበት ገላጣ አገር ስለሆነ ለቀራጩ ብርሃን አይቸግረውም። ከቴፒ ተነሥተን በጌጫ በኩል ወደ ማሻ ስንወጣ የምናገኘው የሸካ ደን ግን ከዚህ የተለየ ነው። ደኑ በ2004 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 2012) በዩኔስኮ የባዮስፌር ሪዘርቭ ሆኖ ተመዝግቧል፤ የአካባቢው ሕዝብም ማር የሚቆርጥበት፣ ቡና የሚለቅምበት፣ ከፊሉንም በአምልኮ ሥፍራነት ጠብቆ ያቆየው ነው። ይህን ደን በፊልም ማሳየት ለምን እንደሚያስቸግር በፊዚክስ ዓይን እንመልከት።

በቀትር ፀሐይ ገላጣ ሜዳ ላይ የሚያርፈው ብርሃን 100,000 ሉክስ ገደማ ነው። ቅርንጫፍ ከቅርንጫፍ በተገጣጠመበት ደን ውስጥ መሬት የሚደርሰው ብዙውን ጊዜ ከመቶ አንድ ወይም ሁለት እጅ ብቻ ነው። የፊልም ባለሙያዎች ብርሃንን በ«ስቶፕ» ይቆጥራሉ፤ አንድ ስቶፕ መቀነስ ማለት ብርሃኑን በግማሽ ማሳነስ ነው። ሰባት ጊዜ በግማሽ ብናሳንሰው 1/128 ይሆናል፤ ይኸውም ከመቶ አንድ እጅ የማይሞላ ነው። ሜዳው ላይ የሌንሱን ቀዳዳ 22 ላይ አድርጎ የቀረጸ ባለሙያ፣ ሌላውን ሳይለውጥ ደን ውስጥ ሲገባ እስከ 2 ድረስ መክፈት ይኖርበታል። (ቁጥሩ ሲያንስ ቀዳዳው መስፋቱ ጀማሪ ተማሪዎቻችንን ሁልጊዜ ያደናግራል።)

ቀዳዳው ሲሰፋ ጥርት ብሎ የሚታየው ጥልቀት ይጠባል። የማር ቆራጩ ፊት ይጠራል፤ ከኋላው ያለው ደን ግን አረንጓዴ ጭጋግ ይሆናል። ፊልሙ የተሠራው ስለ ደኑ ሆኖ ሳለ ደኑ ጠፋ ማለት ነው! ቀዳዳውን ትቶ የሴንሰሩን ትብነት ቢጨምርስ? ፎቶኖች ሴንሰሩ ላይ የሚያርፉት በዘፈቀደ ነው፤ የምስሉ ጥራትም የቁጥራቸውን ስኩዌር ሩት ተከትሎ ይወርዳል። ብርሃኑ 128 ጊዜ ሲያንስ ጥራቱ 11 ጊዜ ገደማ ይቀንሳል፤ ምስሉም አሸዋ የተበተነበት ይመስላል።

በዚህ ምክንያት ቀረጻው ብርሃን ወዳለበት ይሸሻል። አንድ ሽማግሌ ስለ ደኑ ሲናገሩ ብዙ ጊዜ የምናያቸው ከደኑ ውጭ ባለ ሜዳ ላይ ተቀምጠው ነው። ይህ እንኳ ለተመልካች ግልጽ ስለሆነ ብዙም አያሳስትም። የሚያሳስተው የቡና ደን ነው። ቡና ጥላ ይወዳል፤ ይሁንና በጥቅጥቅ ጥላ ሥር ፍሬው ጥቂት ስለሆነ ገበሬው ቁጥቋጦውን ይመነጥራል፣ ከትልልቆቹ ዛፎችም የተወሰኑትን ያሳሳል። ነገ አሮጌዎቹን የሚተኩት ችግኞችም አብረው ይመነጠራሉ። ገበሬውን ልንወቅስ አይደለም፤ ኑሮው ነው። ነገር ግን የፀሐይ ጨረር በዛፎች መካከል ሲወርድ አይቶ «እንዴት ያለ ያልተነካ ደን!» የሚለው ቀራጭ ካሜራውን የሚያቆመው እዚሁ የሳሳው ደን ውስጥ ነው። ለካሜራ የተመቸው ብርሃን የመሳሳቱ ምልክት መሆኑን ተመልካቹ የሚያውቅበት መንገድ የለውም።

ታዲያ ምን ይደረግ? የሥነ ምኅዳር ተመራማሪዎች አንድ ቀላል ዘዴ አላቸው። ሰፊ እይታ ያለው ሌንስ የተገጠመለትን ካሜራ ቀጥ አድርገው ወደ ሰማይ ያዞሩና ከምስሉ ውስጥ ስንት እጁ ሰማይ፣ ስንት እጁ ቅጠል እንደሆነ ይቆጥራሉ። የፊልም ቡድንም ከእያንዳንዱ ቀረጻ በኋላ እንዲህ ያለ አንድ ምስል ቢያነሣና ከአምስት ዓመት በኋላ እዚያው ቦታ ተመልሶ ቢደግመው፣ ፊልሙ ከትዝታ አልፎ መለኪያ ይሆናል። ምስሉ ሰማዩ በወጥ ደመና በተሸፈነበት ሰዓት መነሣት አለበት፤ ቴፒና ማሻ ላይ ደግሞ እንዲህ ያለ ሰዓት አይታጣም።