ስለ ሱሜራውያን ጽሕፈት

በኦሪት ዘፍጥረት ምዕራፍ 10 የምናነባት ኦሬክ ፍርስራሽዋ በደቡብ ኢራቅ ይገኛል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ3300 ዓመት ገደማ የዚህች ከተማ ጸሐፊዎች እርጥብ ጭቃ ጠፍጥፈው በሸምበቆ ብርዕ ይጽፉበት ጀመር። የነገሥታት ውዳሴ የጻፉ ይመስለን ይሆናል፤ አብዛኛው ግን የገብስ፥ የበግና ለሠራተኛ የሚሰፈር ጠላ ሒሳብ ነው። ጎተራው ሲሰፋ፥ ሰጪና ተቀባይም ሲበዙ፥ የቃል ምስክር አልበቃምና።

ከ1000 ዓመት በላይ ቆይቶ፥ በ2100 ገደማ፥ በዚያው ዓይነት ጽሕፈት የዑር ንጉሥ የዑር-ናሙ ሕግ ተጻፈ። ንጉሡ በመቅድሙ ድሀ አደጉን ለባለጸጋ፥ መበለቲቱንም ለኃያል አሳልፎ እንዳልሰጠ ይናገራል። የሰው ዓይን ያጠፋም በብር እንዲክስ ያዝዛል። ዓይን በዓይን የሚለው ፍርድ ከካሣ የቀደመ ነው ስንል ብዙ ጊዜ እንሰማለን፤ ነገር ግን ይህ የብር ካሣ ከሐሙራቢ ሕግ በ300 ዓመት ያህል ይቀድማል።