የአዋሽ ጣቢያ፤ ታሪኩና አገልግሎቱ

ስለ አገራችን የምድር ባቡር ሲወሳ በብዙዎቻችን አሳብ ቶሎ የሚመጣው ጫፍና ጫፉ ነው፤ በአንድ ወገን የጅቡቲ ወደብ፣ በሌላው ወገን የአዲስ አበባው ለገሃር። በመካከል ያሉት ትንንሽ ጣቢያዎች ግን በመስኮት ታይተው ይረሳሉ። ይሁን እንጂ የባቡር ሐዲድ ለአንድ አገር ሕዝብ ምን እንደሚሠራ ለማወቅ የሚሻ ተማሪ ከጫፎቹ ይልቅ መካከሉን ቢመረምር ብዙ ያተርፋል። ለዚህም የአዋሽን ጣቢያ እንደ ምሳሌ እንውሰድ።

አስቀድመን ታሪኩን በአጭሩ እንመልከት። ዐፄ ምኒልክ ለስዊስ ተወላጁ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ የባቡር ፈቃድ የሰጡት በ1886 ዓ.ም. ነው። ሥራው በ1890 ዓ.ም. ከጅቡቲ ተጀምሮ 311 ኪሎ ሜትር ከተጓዘ በኋላ በታኅሣሥ 1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ ደረሰ። ሐረር በተራራ ላይ ያለች ስለሆነች ሐዲዱን ወደ እርስዋ ማውጣት ብዙ ገንዘብ የሚጠይቅ ሆነ፤ ስለዚህ ባቡሩ በሜዳው ቀረ፤ ድሬዳዋም ተቆረቆረች። ከዚህ በኋላ ኩባንያው ገንዘብ አልቆበት ስለ ከሰረ ሥራው ለጥቂት ዓመታት ቆመ። በ1900 ዓ.ም. ለአዲስ ኩባንያ ፈቃድ ከተሰጠ በኋላ ሐዲዱ በቆላው በኩል ወደ ምዕራብ ገሠገሠ፤ በአዋሽ ወንዝ ገደል ላይም የብረት ድልድይ ተዘረጋለት፤ በመጨረሻም በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገባ። ጠቅላላው ርዝመት 784 ኪሎ ሜትር፣ በሁለቱ ብረቶች መካከል ያለው ስፋት ደግሞ 1 ሜትር ነበር።

አሁን ወደ ጣቢያው እንመለስ። አዋሽ ከባሕር ወለል በላይ 1,000 ሜትር ገደማ ከፍታ ያለው፣ ሙቀቱ የበረታ፣ ቁጥቋጦ የሞላበት ቆላ ነው። በአካባቢው የሚኖሩት አፋሮችና ከረዩዎች ከብትና ግመል አርቢዎች ናቸው። በዚህ ስፍራ ጣቢያ ለምን አስፈለገ? መልሱን ከሦስቱ አገልግሎቶቹ እናገኘዋለን።

አንደኛው የማደሪያ አገልግሎት ነው። በመጀመሪያዎቹ ዘመናት ተራው የመንገደኛ ባቡር የሚጓዝ በቀን ብቻ ስለ ነበር ከጅቡቲ አዲስ አበባ ለመድረስ ሦስት ቀን ይፈጅ ነበር። መንገደኛው አንዱን ሌሊት በድሬዳዋ፣ ሁለተኛውን በአዋሽ ያድራል። ስለዚህ በጣቢያው አጠገብ ሰዉ «ቡፌ» እያለ የሚጠራው የእንግዳ ማረፊያ ተሠራ። አገር ጎብኚው፣ ነጋዴውና የመንግሥት መልእክተኛው ሁሉ በዚያ በልተው አድረዋል።

ሁለተኛው ባቡሮችን የማስተላለፍ አገልግሎት ነው። ሐዲዱ ነጠላ ስለሆነ የሚወጣውና የሚወርደው ባቡር በአንድ መሥመር ላይ ፊት ለፊት እንዳይገናኙ አንዱ በጣቢያ ገለል ብሎ ሌላውን መጠበቅ አለበት። የጣቢያው ሹም መንገዱ ነጻ መሆኑን ከሚቀጥለው ጣቢያ ሳያረጋግጥ ባቡሩን አይለቅም። በእንፋሎት ዘመን ደግሞ ሞተሩ ውሃ የሚሞላው በጣቢያ ነበር።

ሦስተኛው የገበያ አገልግሎት ነው። ባቡሩ ቡናና ቆዳ ወደ ባሕር፣ ጨርቅና ልዩ ልዩ ሸቀጥ ወደ መሐል አገር ሲያመላልስ፣ በጣቢያው የቆመ ሁሉ ይጠማል፣ ይራባል። በመስኮት በኩል የሚሸጥ ሁሉ ገንዘብ ያመጣል። ሻጭ ባለበት ቤት ይሠራል፤ ቤት በበዛበት ከተማ ይሆናል። ዛሬ አዋሽ ሰባት ኪሎ የምንላት ከተማ የዚህ ጣቢያ ልጅ ናት።

እንግዲህ ልብ ማለት የሚገባን ነገር ይህ ነው፤ ሦስቱም አገልግሎቶች የተገኙት ባቡሩ ስላለፈ ሳይሆን ስለ ቆመ ነው። መሐንዲሱ መቆምን እንደ ኪሳራ ይቆጥረዋል፤ ለአገሬው ግን ትርፉ ያለው በመቆሙ ላይ ነው።

ጣቢያው መከራም አይቷል። በ1933 ዓ.ም. የጣሊያን ጦር ሲሸሽ የአዋሽን ድልድይ አፍርሶ ሄደ። በ1969 ዓ.ም. በተነሣው የሶማሊያ ጦርነት በመሥመሩ ላይ ያሉ ድልድዮች ስለ ተሰበሩ ጉዞው ለወራት ተቋረጠ። በጥር 1977 ዓ.ም. ደግሞ በአዋሽ አጠገብ አንድ የመንገደኞች ባቡር ከጥምዝ ላይ ወጥቶ ገደል ስለ ገባ ከ400 በላይ ሰዎች አለቁ።

ዳሩ ግን ጣቢያውን ያዳከመው ጦርነትም አደጋም አይደለም። የመኪና መንገድ ጭነቱን ቀስ በቀስ ወሰደ፤ ሐዲዱ አረጀ፤ በ2000 ዓ.ም. ግድም በአዲስ አበባና በድሬዳዋ መካከል የመንገደኛ ጉዞ ቀረ። በ2009 ዓ.ም. የተመረቀው አዲሱ የኤሌክትሪክ ባቡር ሰፊ ሐዲድ ያለውና ፈጣን ነው፤ ለአገር የሚሰጠው ጥቅምም አይካድም። ነገር ግን አብዛኞቹ አዲስ ጣቢያዎች ከከተሞቹ ወጣ ብለው ስለ ተሠሩ፣ በአሮጌው ባቡር መስኮት ሥር የነበረው ገበያ ተከትሏቸው ሊሄድ አልቻለም።

አንዳንዶች «አሮጌው ጊዜው አልፏል፤ ስለ ቡፌና ስለ ሻይ ሻጭ ማሰብ ምን ይጠቅማል?» ይሉ ይሆናል። እኛ ግን አሮጌው ባቡር ይመለስ አላልንም። የምንለው ሌላ ነው። በ2007 ዓ.ም. ሥራው የተጀመረው የአዋሽ፣ ኮምቦልቻና ሐራ ገበያ ሐዲድ መነሻው አዋሽ ነው። ወደፊትም ሌሎች መሥመሮች ይዘረጋሉ። ባቡር የት ይቁም፣ ስንት ደቂቃ ይቁም፣ ከገበያው ምን ያህል ይራቅ የሚለው ጥያቄ የመሐንዲስ ጥያቄ ብቻ ሊሆን አይገባውም፤ የታሪክ፣ የጂኦግራፊና የኢኮኖሚክስ ተማሪ ጥያቄም ነው።

በተለይም አንድ ሥራ በእጃችን አለ። በጣቢያ ሹምነት፣ በነጂነት፣ በሐዲድ ጠጋኝነት ያገለገሉ አባቶች፣ በሐዲዱ ዳርም ሲነግዱ የኖሩ እናቶች ዛሬም አሉ። የኩባንያው መዝገብ ስለ ጭነቱና ስለ ገንዘቡ ይነግረን ይሆናል፤ አንድ ጣቢያ ከተማ ሲወልድ ያዩት ግን እነርሱ ናቸው። በዕረፍት ጊዜው ወደዚያ አካባቢ የሚወርድ ጓደኛችን ሁሉ ደብተርና እርሳስ ይዞ ቢጠይቃቸው፣ ለአገሩ ታሪክ የማይናቅ ውለታ ይሠራል።