ነፍሳት የሚያጠምደው የውሃ ተክልና የረግረጋችን ደኅንነት

የትምህርቱ ዓላማ፦ ይህን ትምህርት ስትጨርሱ ነፍሳት የሚያጠምደውን የውሃ ተክል ከእምቦጭ ትለያላችሁ፤ ለተክሉም ሆነ ለማሳችሁ የሚበጀውን የረግረግ አያያዝ ታውቃላችሁ።

1. ተክሉ ምንድን ነው?

ውድ አርሶ አደሮች፣ ሰብላችሁ ናይትሮጅንን በሥሩ ከአፈር ይወስዳል። በአገራችን ኩሬዎችና ረግረጎች የሚገኘው ዩትሪኩላሪያ የተባለ ተክል ግን ሥር የለውም። አልሚ ንጥረ ነገር ባነሰበት ውሃ ስለሚኖር የጎደለውን ከጥቃቅን ነፍሳት ያሟላል። በክር መሰል ቅጠሎቹ ላይ የመርፌ ራስ የሚያህሉ ከረጢቶች አሉ። ከረጢቱ ውሃውን አስወጥቶ ይጨመቃል። ነፍሳት በበሩ ላይ ያለውን ፀጉር ሲነካ በሩ ይከፈታል፤ ከመቶኛ ሰከንድ ባነሰ ጊዜም ውሃው ነፍሳቱን ይዞ ይገባል።

2. ከእምቦጭ እንዴት ይለያል?

እምቦጭ ሰፊ ቅጠል፣ ያበጠ የቅጠል እጀታና ወይን ጠጅ አበባ አለው። ዩትሪኩላሪያ ግን አካሉ ከውሃው በታች ነው፤ ከላይ የሚታየው ቀጭን አገዳ ላይ ያለ ትንሽ አበባ ሲሆን ብዙውን ጊዜ ቢጫ ነው።

3. አደጋው ከየት ይመጣል?

ከፀዳ ማሳዎች የሚወርደው ውሃ መጨረሻው ጣና ነው። ከማሳ የታጠበ ማዳበሪያ ለእምቦጭ ምግብ ይሆናል። ከ2004 ዓ.ም. ወዲህ በጣና የተስፋፋው እምቦጭ ውሃውን ሲሸፍን ከሥሩ ያለ ተክል ብርሃን ያጣል። በፎገራ ሜዳ የሸሸርና የወለላ ረግረጎች ለእርሻ ሲጠነፈፉ ጠበዋል፤ እነዚህ ረግረጎች አምባዛ የሚራባባቸው ናቸው። የዚህ ዓይነት ጉዳት ወዴት እንደሚያደርስ ከሌላ አገር እንማር። አልድሮቫንዳ የተባለው ሌላ ነፍሳት አጥማጅ የውሃ ተክል ረግረግ ሲደርቅና ውሃ ሲበከል ከጣሊያንና ከፈረንሳይ ጠፍቷል፤ በዓለም ደረጃም ለመጥፋት ከተቃረቡት ተመዝግቧል።

4. ምን እናድርግ?

ሀ. በማሳና በኩሬ መካከል ያልታረሰ የሣር ድንበር ተዉ።
ለ. ማዳበሪያን በባለሙያ ምክር መጠን ጨምሩ፤ ከባድ ዝናብ ሊጥል ሲል አትበትኑ። የታጠበ ማዳበሪያ የባከነ ገንዘባችሁ ነው።
ሐ. የኬሚካል መርጫ በኩሬ ውስጥ አትጠቡ።
መ. በፓምፕ ስታጠጡ ኩሬውን እስከ ጭቃው አታድርቁ።
ሠ. እምቦጭ ስትነቅሉ ሌላውን ተክል ለይታችሁ ተዉ፤ የነቀላችሁትን ከውሃ አርቃችሁ አድርቁ።

ይህ ተክል ገበያ አይወጣም። እሱን የሚያኖረው ንጹሕ ውሃ ግን ከብታችሁ በበጋ የሚጠጣው፣ ዓሣውም የሚራባበት ነው።

የመወያያ ጥያቄዎች

1. በልጅነታችሁ የምታውቁት፣ አሁን የደረቀ ወይም የጠበበ ኩሬ አለ? ምክንያቱ ምን ነበር?
2. የሣር ድንበሩን ማን ይተው? በጋራ እንዴት ትጠብቁታላችሁ?