የኢሜይል ደብዳቤዎችን በየማኅደራቸው ስለ ማስቀመጥ

ደብዳቤ ማለት አንድ ሰው ሩቅ ላለ ሰው የሚናገርበት ቃል ነው። ቃሉ በወረቀት ቢጻፍም በኮምፒዩተር ቢላክም፣ ተቀባዩ በፈለገው ጊዜ ካላገኘው እንዳልተጻፈ ይቈጠራል። በዚህ ዓመት መጽሔታችን ስለዚህ ጉዳይ ጥቂት ለመጻፍ የተነሣሁት፣ በከተማችን በመካነ ኢየሱስ ኢሜይል ያለው ተማሪና ሠራተኛ እየበዛ ሲሄድ፣ የደረሰውን ደብዳቤ ለይቶ የሚያስቀምጠው ግን እጅግ ጥቂት መሆኑን ስላየሁ ነው። አብዛኞቻችን ሁሉንም በገቢ ሣጥኑ ውስጥ እንደ ወረደ እንተወዋለን። በቤታችን ግን እንዲህ አናደርግም። እናቶቻችን ጤፉን በአንድ ጎታ፣ ገብሱን በሌላ ጎታ ያኖራሉ፤ ለዘር የተመረጠውንማ ከሚበላው ጋር የሚቀላቅል ባለቤት የለም።

ቦታውን ያጣ ደብዳቤ ምን ያህል ጉዳት እንደሚያመጣ ለማወቅ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። ዐፄ ቴዎድሮስ በጥቅምት ወር 1855 ዓ.ም. ለእንግሊዝ ንግሥት ለቪክቶሪያ ደብዳቤ ጽፈው በቆንስሉ በካሜሮን በኩል ላኩ። ደብዳቤው ከጥቂት ወራት በኋላ ለንደን ደረሰ። የውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤቱ ተቀብሎ ወደ ሕንድ ጉዳይ መሥሪያ ቤት አስተላለፈው፤ በዚያም መልስ ሳይሰጥበት ተቀመጠ። ንጉሠ ነገሥቱ ከዓመት በላይ ጠብቀው መልስ ባጡ ጊዜ ተቈጥተው በ1856 ዓ.ም. ቆንስሉን አሰሩ። የንግሥቲቱ መልስ በሆርሙዝድ ራሳም እጅ የደረሳቸው በጥር ወር 1858 ዓ.ም. ነው። ያን ጊዜ ግን ነገሩ ሥር ሰዶ ስለ ነበረ አልበረደም። ከእኛ ብዙም በማይርቀው በደብረ ታቦር አጠገብ፣ ጋፋት ላይ የተሠራው የሴባስቶፖል መድፍ በጋይንት በኩል ወደ መቅደላ ተጎተተ፤ የእንግሊዝ ጦርም መጥቶ ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. የሆነው ሁሉ ሆነ። ለጦርነቱ ሌላ ምክንያት አልነበረም ማለቴ አይደለም፤ ነገር ግን ከመነሻዎቹ አንዱ በአንድ ቢሮ ውስጥ ሳይመለስ የተቀመጠ ወረቀት እንደ ነበረ የታሪክ ጸሐፊዎች ሁሉ ያወሱታል።

የአገራችን ፖስታ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን በ1886 ዓ.ም. ተቋቋመ። ኢንተርኔት ለሕዝብ የተከፈተው ደግሞ በ1989 ዓ.ም. ነው። በሁለቱ መካከል ከ100 ዓመት በላይ ስላለ፣ የወረቀቱን ደብዳቤ አያያዝ መሥሪያ ቤቶቻችን በሚገባ ለመዱት። ስለዚህ የኢሜይልን አያያዝ ለመማር ከውጭ አገር መጽሐፍ ይልቅ ወደ መዝገብ ቤት ጎራ ማለት ይበልጣል ብዬ አምናለሁ። እኔም የተማርሁት ከአክስቴ ነው። አክስቴ ጡረታ እስኪወጡ ድረስ በአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ሠርተዋል።

በመዝገብ ቤት ሥርዓት ደብዳቤ ሲመጣ ቀንና ቁጥር ተሰጥቶት በገቢ መዝገብ ይጻፋል፤ ከዚያ ወደሚመለከተው ክፍል ይመራል፤ ጉዳዩ ሲፈጸም በጉዳዩ ፋይል ውስጥ ይታሰራል። ከመሥሪያ ቤቱ የሚወጣውም እንዲሁ በወጪ መዝገብ ይመዘገባል። አክስቴን ደብዳቤ ይጠፋባችሁ ነበር ወይ ብዬ ብጠይቃቸው፣ «ጠፋ ያልነውን ብዙ ጊዜ የምናገኘው በሌላ ፋይል ውስጥ ታስሮ ነበር፤ አንዳንዴም ጠረጴዛ ላይ ከተቈለለው ሥር ነው» አሉኝ።

እንግዲህ በኮምፒዩተሩ ላይ ያለው ገቢ ሣጥን ጠረጴዛው ነው ማለት ነው። ፋይሉ ሌላ ነው። እርሱም በእንግሊዝኛ ፎልደር፣ በአማርኛ በተዘጋጁት ፕሮግራሞች ደግሞ አቃፊ ይባላል፤ እኔ ግን የቆየውን ማኅደር የሚለውን ቃል ስለምወድ በእርሱ እቀጥላለሁ። ማኅደር ለመክፈት በኢሜይል ፕሮግራሙ ግራ በኩል ባለው በአድራሻችን ስም ላይ የመዳፊቱን ቀኝ ቁልፍ ተጭኖ አዲስ ማኅደር የሚለውን መምረጥና ስም መጻፍ ነው። ደብዳቤውን ይዞ እየጎተቱ በማኅደሩ ስም ላይ ሲለቁት ይገባል። ይህን ለመማር ከአንድ ደቂቃ በላይ አይፈጅም። የሚያስቸግረው ማኅደሩን ማን ብሎ መሰየምና ስንት ማኅደር መክፈት እንደሚገባ ማወቁ ነው።

በበኩሌ ማኅደሮቹ ጥቂት ቢሆኑ ይሻላል እላለሁ። 30 ማኅደር የከፈተ ሰው አንዱን ደብዳቤ በየትኛው እንደሚያስገባ ሲያስብ ይደክመውና ተመልሶ ሁሉንም ገቢ ሣጥን ውስጥ ይተዋል። ለእኛ ለተማሪዎች ትምህርት፣ ፈተናና ምዝገባ፣ ቤተሰብ፣ ገንዘብ የሚሉት ይበቃሉ። መለየትም የሚገባው በጉዳዩ እንጂ በላኪው ስም አይደለም። ፈረንጆች በቤተሰብ ስም ይለያሉ፤ እኛ ግን የምንጠራው በራሳችን ስም ስለ ሆነ፣ በአንድ ክፍል ውስጥ እንኳ ሦስት አበበና አራት ብርቱካን ይገኛሉ። ከዚህም በላይ አንዱ ሰው ዛሬ ስለ ምዝገባ፣ ነገ ስለ ሠርግ ሊጽፍ ይችላል።

ከሁሉ የሚበልጠው ማኅደር ግን «መልስ የሚጠብቅ» ብዬ የሰየምሁት ነው። ደብዳቤው ተነብቦ ገና ያልተመለሰ እንደ ሆነ በዚህ ይገባል፤ መልስ ሲሰጥበት ወደ ጉዳዩ ማኅደር ይዛወራል። ይህ ማኅደር ባዶ ከሆነ ሰው ያለ ሐሳብ ይተኛል። በሰፈራችን ዲግሪውን ይዞ ሥራ የሚፈልግ አንድ ወንድም አለን። አንድ መሥሪያ ቤት በ5 ቀን ውስጥ ለፈተና እንዲቀርብ በኢሜይል ጠራው። እርሱም ደብዳቤውን በስልኩ ላይ በጨረፍታ አይቶ ቆይቼ እመልሳለሁ ብሎ አለፈው፤ ከዚያ በኋላ በመጡት የማስታወቂያ ደብዳቤዎች ተሸፈነ። ዳግመኛ ያገኘው በ11ኛው ቀን ነው። ቤተሰቡ እርሱን ለማስተማር ሁለት በሬ ሸጧል፤ ስለዚህ ነገሩ የአንድ ደብዳቤ ጉዳይ ብቻ አልነበረም።

ስለ ግልባጭም አንድ ቃል ልጨምር። በመሥሪያ ቤቶቻችን ደብዳቤ ግርጌ «ግልባጭ» ተብሎ የሚጻፈው በኢሜይልም አለ። ስማችን በተቀባይ ቦታ ሳይሆን በግልባጭ ቦታ ከተጻፈ፣ ደብዳቤው ብዙ ጊዜ እንድናውቀው እንጂ እንድንሠራበት አይደለም፤ ስለዚህ በቀጥታ ወደ ጉዳዩ ማኅደር ቢገባ ጉዳት የለውም።

ምናልባት አንዳንድ ጓደኞቼ፣ ኮምፒዩተሩ ራሱ ፈልጎ የሚያመጣ ከሆነ ማኅደር መክፈት ለምን ያስፈልጋል ይሉ ይሆናል። ይህ ጥያቄ ተገቢ ነው። እንግሊዝኛ ብቻ ለሚጽፍ ሰው መልሱ ያስቸግረኝ ነበር። አማርኛ ለምንጽፍ ሰዎች ግን መፈለጊያው እንደሚታሰበው አይረዳም። የግዕዝ ፊደል በዓለም አቀፉ የኮምፒዩተር ፊደላት መዝገብ፣ ማለት በዩኒኮድ፣ የገባው በአውሮፓ አቆጣጠር በ1999 ነው። በዚያ መዝገብ እያንዳንዱ ፊደል የራሱ ቁጥር አለው። ለጆሯችን አንድ የሆኑት ሀ፣ ሐ እና ኀ ለኮምፒዩተሩ ሦስት ልዩ ልዩ ነገሮች ናቸው፤ ሰ እና ሠ፣ አ እና ዐ፣ ጸ እና ፀም እንዲሁ። የፈላጊው ፕሮግራም ሠሪ ይህን ዝምድና ካላስተማረው በቀር፣ «ሥራ» ብለን ብንፈልግ «ስራ» ተብሎ የተጻፈውን አያመጣልንም።

አንድ ምሳሌ ላቅርብ። ፀሐይ የሚለውን ቃል እንውሰድ። የመጀመሪያው ፊደል በፀም በጸም ይጻፋል፤ ሁለተኛውን ሰዎች በሀ፣ በሃ፣ በሐ፣ በሓ፣ በኀ እና በኃ ይጽፉታል። 2 ጊዜ 6 ሲባዛ 12 ይሆናል። ፀሐይ የተባለች ጓደኛችን የላከችውን ደብዳቤ በስሟ ለመፈለግ 12 ጊዜ መጻፍ ሊያስፈልግ ነው ማለት ነው! (የግዕዝ መምህራን ትክክለኛው አንዱ ብቻ ነው ይሉናል፤ እውነታቸውን ነው፤ ነገር ግን ደብዳቤ የሚጽፍልን ሰው ሁሉ ግዕዝ የተማረ አይደለም።) በላቲን ፊደል ሲጻፍማ ነገሩ የባሰ ነው። የከተማችንን ስም ብንመለከት ኢየሱስ የሚለውን አንዱ በኢ፣ ሌላው በአይ ይጀምረዋል፤ አንዱ መካነን ከኢየሱስ ለይቶ፣ ሌላው አጋጥሞ ይጽፈዋል። በማኅደር የተቀመጠ ደብዳቤ ግን ፊደሉ እንዴትም ቢጻፍ ከቦታው አይነቃነቅም። ማኅደር ለእኛ ከሌሎች ይበልጥ የሚያስፈልገን በዚህ ምክንያት ነው።

ይኸው የፊደል ነገር ማኅደሩን ስንሰይምም ያጋጥመናል። የማኅደር ስሞች በፊደል ተራ ይሰለፋሉ። ሠ ከረ በፊት፣ ሰ ደግሞ ከረ በኋላ ስለሚመጣ፣ አንድ ጊዜ «ሥራ» ሌላ ጊዜ «ስራ» ብለን ሁለት ማኅደር ብንከፍት ተራርቀው ይቀመጡና ደብዳቤያችን ለሁለት ይከፈላል። ስለዚህ አስቀድሞ አንዱን አጻጻፍ መርጦ መጽናት ነው። ቁጥሮች ከፊደላት በፊት ስለሚሰለፉ ማኅደሩ ከላይ እንዲውል የፈለገ ሰው በስሙ መጀመሪያ ቁጥር ይጻፍ፤ ነገር ግን 1፣ 2 ከማለት 01፣ 02 ቢል መልካም ነው፤ አለዚያ በአንዳንድ ፕሮግራም 10 ከ2 ቀድሞ ይገኛል። በየወሩ ብዙ ደብዳቤ የሚቀበል ሰው ከ01 መስከረም እስከ 13 ጳጉሜን ድረስ ሊከፍት ይችላል።

ስለ ዘመን አቆጣጠርም እናስብ። ኮምፒዩተሩ በደብዳቤው ላይ የሚያትመው የአውሮፓን ቀን ነው። የእኛ 2017 ዓ.ም. የገባው በእነርሱ 2024 በሴፕቴምበር ወር ሲሆን የወጣውም በ2025 በዚያው ወር ነው። የትምህርት ዘመናችን፣ ምዝገባችንና ውጤታችን የሚነገረው በኢትዮጵያ ዓመት ስለ ሆነ፣ የማኅደሩ ስም በእኛ አቆጣጠር ቢሆን ፈላጊው ሁለቱን ዘመን እያሰላ አይቸገርም። እኔ ዓመቱ ሲያልቅ የዓመቱን ደብዳቤ ሁሉ «2017 ያለፈ» በሚል አንድ ማኅደር ሥር እሰበስባለሁ።

አሁን ወደ ጠረጴዛ ኮምፒዩተር እንመለስ፤ በስልክ ከማንበብ የሚለይበት ትልቅ ነገር አለና። በሐምሌ ወር መጨረሻ 2015 ዓ.ም. በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለብዙ ወራት ቆየ። ደብዳቤያቸውን በስልክ ከኢንተርኔት እየከፈቱ ያነቡ የነበሩ ሰዎች አዲስ ደብዳቤ ማጣታቸው ሳያንስ የቀድሞውንም ለማየት አልቻሉም። እንደ ተንደርበርድና እንደ አውትሉክ ያሉት በኮምፒዩተር ላይ የሚጫኑ ፕሮግራሞች ግን የደብዳቤውን ቅጂ በኮምፒዩተሩ ውስጥ ሊያኖሩት ይችላሉ፤ መስመሩ ቢቋረጥም መብራት እስካለ ድረስ ይነበባል። ተንደርበርድ በነጻ የሚገኝ ነው።

ሆኖም እዚህ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። አይማፕ በሚባለው መንገድ የተገናኘ ፕሮግራም ማኅደሮቻችንን በሩቁ ኮምፒዩተርም በእኛም ዘንድ አንድ ዓይነት አድርጎ ይይዛል፤ በአንዱ የሰረዝነው ከሌላውም ይሰረዛል። ፖፕ የሚባለው አሮጌው መንገድ ደግሞ ደብዳቤውን ወደ እኛ ያወርድና፣ ተው ካልተባለ፣ ከሩቁ ያጠፋዋል። በተንደርበርድ ውስጥ «የአካባቢ ማኅደሮች» የሚባል ክፍል አለ፤ ወደዚያ ያዛወርነው ደብዳቤ በዚያው ኮምፒዩተር ላይ ብቻ ይቀራል። ይህ የሩቁን ቦታ ለማቅለል ይጠቅማል። በነጻ የሚሰጠው የጂሜይል ቦታ ከፎቶግራፉና ከሌላው ሰነድ ጋር በጠቅላላው 15 ጊጋባይት ነው፤ ከሞላም አዲስ ደብዳቤ አይቀበልም። ነገር ግን ኮምፒዩተሩ ቢበላሽ ደብዳቤውም አብሮ ይጠፋል። ስለዚህ በየወሩ ፕሮግራሙን ዘግቶ «ፕሮፋይል» የሚባለውን ክፍል እንዳለ ወደ ፍላሽ መቅዳት ይገባል። ፍላሹንም ከኮምፒዩተሩ ጋር በአንድ መሳቢያ አታኑሩት።

ደብዳቤ ገና ሲገባ በራሱ ወደ ማኅደሩ የሚመራ ማጣሪያ የሚባል ነገርም አለ። ለማስታወቂያ ደብዳቤዎች እጅግ ጥሩ ነው። ስለ ፈተና፣ ስለ ምዝገባና ስለ ሥራ ለሚመጡት ግን አልመክርም፤ እነርሱ በዓይናችን ፊት ጠረጴዛው ላይ ቢያርፉ ይሻላል። ፕሮግራሙ ራሱ አጠራጣሪ ነው ብሎ የሚጥልበት የቈሻሻ ማኅደርም አለ። አብዛኛው በእርግጥ የማታለያ ደብዳቤ ነው፤ ሽልማት ደረሰህ እያለ የባንክ ቁጥር የሚጠይቅ። አንዳንድ ጊዜ ግን እውነተኛው የጥሪ ደብዳቤ ከእነርሱ ጋር ይወድቃል። ጂሜይል በዚያ ማኅደር የወደቀውን ከ30 ቀን በኋላ ለዘለዓለም ስለሚያጠፋው፣ ደብዳቤ የሚጠብቅ ሰው በሳምንት አንድ ቀን፣ ለምሳሌ ቅዳሜ ጠዋት፣ ከፍቶ የላኪዎቹን ስም ብቻ ይመልከት፤ በውስጡ ያለውን ማያያዣ ግን አይንካ።