እንጦጦ ላይ ካሜራ፦ የአጭር ዘጋቢና የሙከራ ፊልም አሠራር

ራሱን የቻለ ፊልም ሠሪ

ራሱን የቻለ ፊልም ሠሪ የሚባለው ከጣቢያ ወይም ከድርጅት ትእዛዝ ሳይጠብቅ በራሱ ሐሳብ ተነሥቶ የሚሠራ ባለሙያ ነው። ገንዘቡ ከቁጠባ፣ ከድጋፍ (ግራንት) ወይም ከሌላ ሥራ ይገኛል። ስለዚህ ካሜራውን የሚይዘው፣ ድምፁን የሚቀዳውና ፊልሙን የሚያቀናብረው ብዙ ጊዜ አንድ ሰው ነው።

ዘጋቢ ፊልም (ዶክመንተሪ) በእውነተኛ ሰዎችና ክንውኖች ላይ ይመሠረታል። የሙከራ ፊልም ደግሞ በተራኪ ከማስረዳት ይልቅ በምስል፣ በድምፅና በጊዜ አጠቃቀም አዲስ አቀራረብ ይፈልጋል። ሁለቱ አንድ ላይ ሊሄዱ ይችላሉ። ለምሳሌ ፊልም ሠሪዋ ሳሌም መኩሪያ በ1997 እ.ኤ.አ. የወንድማቸውንና የቅርብ ጓደኛቸውን ዕጣ ተከትለው የአብዮቱን ዘመን በዘጋቢ ፊልም አሳዩ፤ በ2003 እ.ኤ.አ. ደግሞ በቬኒስ ቢኤናሌ ጎን ለጎን በሦስት ስክሪን የሚታይ ሥራ አቀረቡ።

የቦታው ፈተና

ከአዲስ አበባ በስተሰሜን ያለው የእንጦጦ ተራራ ጫፍ ከባሕር ጠለል በላይ ከ3,000 ሜትር ይበልጣል። በዚህ ከፍታ አየሩ ስስ ስለሆነ ፀሐይ ሲገርር ጥላው ይጠቁራል። ካሜራው ለፊት የሚበቃ ብርሃን ሲያስገባ ነጭ ነጠላ ጥለቱ እስኪጠፋ ይነጣል፤ ለነጠላው ሲስተካከል ፊት ይጨልማል። ለዚህ ነው ቀረጻ በማለዳና ወደ ማታ የሚመረጠው።

እንጨት ተሸካሚዎቹን መቅረጽ

በምኒልክ ዘመን ከገባው የባሕር ዛፍ ደን ቅርንጫፍና ቅጠል አስረው ወደ ሽሮ ሜዳ የሚወርዱ ሴቶች ብዙ ጊዜ ተቀርጸዋል። የተለመደው ምስል ከኋላ የሚነሣው ነው፤ የሚታየውም የሚራመድ ሸክም እንጂ ሰው አይደለም። ይህ ምስል ከመደጋገሙ የተነሣ የሚናገረው ነገር አልቀረውም።

የበለጠ የሚያስረዳው ከሸክሙ በፊት ያለው ሥራ ነው፦ ቅርንጫፉ ሲደረደር፣ ገመዱ ሲጠብቅ፣ አንዷ ሌላዋን ደግፋ ስታስነሣ። ድምፅም ራሱን የቻለ ማስረጃ ይሆናል። ከሸክሙ ጫፍ የተንዘረፈፈው ቅጠል አስፋልቱን ሲጠርግ የሚሰማው ድምፅ የጭነቱን ስፋት ያለ ተራኪ ይገልጻል። የተራራው ነፋስ ግን ቀረጻውን ስለሚያበላሽ ማይክሮፎኑ ፀጉራም ልባስ ያስፈልገዋል።

እንጨቱ ከጥብቅ ደን የተለቀመ ሊሆን ስለሚችል የፊት ምስል ተቀራጯን ከጥበቃ ሠራተኞች ጋር ሊያጋጫት ይችላል። ስለዚህ ከመንግሥት ከሚገኘው የቀረጻ ፈቃድ በተጨማሪ የራሷ ፈቃድ ያስፈልጋል፤ ምስሉ የት እንደሚታይም አስቀድሞ ይነገራታል። ፈቃዷ ሳይጠየቅ በሩቅ ሌንስ የተወሰደ ምስል፣ ውብም ቢሆን፣ የተሰረቀ ነው።

ለምን ረጅም ጊዜ ይወስዳል?

ለአሥር ደቂቃ ፊልም ብዙ ሰዓት ይቀረጻል፤ ቅንብሩ (ኤዲቲንግ) አብዛኛውን ይጥላል። ከሁሉ በላይ ጊዜ የሚበላው ግን መተማመን ነው። ሐረር ያደጉት ፊልም ሠሪ ጄሲካ በሽር የከተማዋን ጅብ ቀላቢ በጥቁርና ነጭ ያሳዩበት አጭር ፊልም በ2017 እ.ኤ.አ. በሰንዳንስ ፌስቲቫል ታየ። በጫት ዙሪያ ያለውን ሕይወት የሚያሳየው ረጅም ሥራቸው «ፋያ ዳዪ» ደግሞ እዚያው በ2021 እ.ኤ.አ. እስኪቀርብ አሥር ዓመት ያህል ወስዷል።