ሚሞሪ ካርድ ሲቀየር አሮጌው መቼ ይደምሰስ?

ለጌም ቤት ባለቤቶችና ለመሣሪያ ነጋዴዎች የቀረበ ትምህርት

መጋዘን የሚቀይር ነጋዴ ዕቃውን ቆጥሮ ያስጭናል፤ ቆጥሮ ያስወርዳል። የአሮጌውን መጋዘን ቁልፍ የሚያስረክበው ሁለቱ ቆጠራዎች ሲገጥሙ ብቻ ነው። ለእህልና ለጨርቃ ጨርቅ ነጋዴ እንግዳ ያልሆነው ይህ ደንብ ንብረቱ በጥፍር በምታክል ሚሞሪ ካርድ ላይ ሲሆን በቀላሉ ይዘነጋል።

በንፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ በጀሞ፣ በለቡና በመካኒሳ አካባቢ ጌም ቤት መክፈት ጠባብ ክፍል፣ ቴሌቪዥንና ጥቂት መሣሪያ ላለው ሰው በአነስተኛ ካፒታል የሚጀመር ሥራ ነው። እንደ ፕሌይስቴሽን 3 እና 4 ያሉት መሣሪያዎች ጨዋታቸውን የሚይዙት በውስጣቸው ባለው ሃርድ ዲስክ ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 ለገበያ የቀረበው ኒንቴንዶ ስዊች ግን ሲወጣ የነበረው የውስጥ ማከማቻ 32 ጊጋባይት ብቻ ስለነበር ጨዋታ ሲበዛ ማይክሮ ኤስዲ ካርድ የግድ ይሆናል። «ክራክ» የተደረገው ስዊች ደግሞ ክራክ የሚያስደርጉት ፕሮግራሞች ሳይቀሩ የሚቀመጡት በዚሁ ካርድ ላይ ነው። በመሆኑም ካርዱ ከተበላሸ ጨዋታውም ፕሮግራሙም አብረው ይሄዳሉ።

ኪሳራውን በስሌት ማየት ይቻላል። አንድ መሣሪያ በቀን ለ8 ሰዓት ቢሠራና በሰዓት 50 ብር ቢያስገባ የቀን ገቢው 400 ብር ይሆናል። ሦስት ቀን ከቆመ 1,200 ብር ቀረ ማለት ነው። ከዚህ በላይ ግን የሚያመው ደንበኛ ወር ሙሉ ተጫውቶ ያደረሰው «ሴቭ» መጥፋቱ ነው፤ እንዲህ ያለ ደንበኛ በማግስቱ ጎረቤት ቤት ይገኛል።

ፈተናው ከግዢው ይጀምራል

በገበያ ላይ ላዩ 128 ወይም 256 ጊጋባይት ተብሎ የተጻፈበት፣ እውነተኛ አቅሙ ግን ከዚያ እጅግ ያነሰ ሐሰተኛ ካርድ አለ። ካርዱ ውስጥ ያለው መቆጣጠሪያ ለኮምፒዩተር የውሸት መጠን እንዲናገር ተደርጎ የተሠራ ነው። ስለዚህ ሻጩ ካርዱን ስልክ ውስጥ ከትቶ «ይኸው 128 ይላል» ቢል ማረጋገጫ አይሆንም። መጀመሪያ የሚጫኑት ጨዋታዎችም በደንብ ይሠራሉ። ጉዱ የሚወጣው እውነተኛው አቅም ሲታለፍ ነው፤ ከዚያ በኋላ የሚጻፈው ይጠፋል፣ ወይም በቀድሞው ላይ ይደረባል።

ማረጋገጫው ካርዱን እስከ አፉ ሞልቶ መልሶ ማንበብ ነው። ለዚህ ኤች2ቴስትደብሊው የሚባል በነፃ የሚገኝ የኮምፒዩተር ፕሮግራም ያገለግላል። በሰከንድ 20 ሜጋባይት የሚጽፍ ባለ 128 ካርድ ለመሙላት ብቻ 1 ሰዓት ከ45 ደቂቃ ያህል ይፈጃል፤ ማንበቡ ሲጨመር ሥራው ቤቱ ከተዘጋ በኋላ የሚሠራ ይሆናል። ገዢው ከሻጩ ጋር ዋጋ ሲነጋገር «ፈትሼ ካልሞላ እመልሳለሁ» የሚል ውል ቢያስገባና መጠኑ በደረሰኙ ላይ እንዲጻፍ ቢያደርግ ይበጀዋል።

እዚህ ላይ ሻጭን ያለጥፋቱ መውቀስም አይገባም። ባለ 128 ካርድ በዊንዶውስ ላይ 119 ገደማ፣ ባለ 256 ደግሞ 238 ገደማ ሆኖ ይታያል። አምራቹ አንዱን ጊጋባይት 1,000 ሜጋባይት ብሎ ሲቆጥር ኮምፒዩተሩ 1,024 ብሎ ስለሚቆጥር የመጣ ልዩነት እንጂ ጉድለት አይደለም።

ፎርማትና ግልበጣ

ከ32 ጊጋባይት በላይ የሆኑ ካርዶች ከፋብሪካ የሚወጡት ኤክስፋት በሚባለው ፎርማት ነው። ክራክ ለተደረገ ስዊች ግን የሚመከረው ፋት32 ነው፤ መሣሪያው በሥራ ላይ ሳለ ድንገት ቢጠፋ ወይም ቢደርቅ ኤክስፋት ላይ ያለው ፋይል የመበላሸት ዕድሉ ሰፊ ነው። ፋት32 ከ4 ጊጋባይት የሚበልጥ ነጠላ ፋይል አይቀበልም፤ ስዊች ግን ትልልቅ ጨዋታዎችን ከፋፍሎ ማስቀመጥ ስለሚችል ይህ እንቅፋት አይሆንም።

ቀጥሎ የአሮጌው ካርድ ይዘት በሙሉ፣ የተደበቁ ፋይሎች ሳይቀሩ፣ መጀመሪያ ወደ ኮምፒዩተር ከዚያም ወደ አዲሱ ይገለበጣል። በዚህ መንገድ ሦስተኛ ቅጂ በእጅ ይቀራል። መብራት በመሐል ቢሄድ ሥራው እንዳይቋረጥ ባትሪው የሞላ ላፕቶፕ መጠቀም ተገቢ ነው።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው ቀጥሎ ባለው ነጥብ ነው። አንዳንድ ክራክ የተደረጉ መሣሪያዎች የውስጥ ማከማቻቸውን ግልባጭ፣ ኢሙኤምኤምሲ የሚባለውን፣ በካርዱ ላይ ይይዛሉ። በእነዚህ ላይ የደንበኞች ሴቭ የሚቀመጠው በዚያ ግልባጭ ውስጥ ነው። ግልባጩ በፎልደር መልክ ከሆነ ከሌላው ጋር አብሮ ይገለበጣል። ራሱን በቻለ የካርድ ክፍል ላይ ከሆነ ግን በኮምፒዩተሩ ፎልደሮች መካከል አይታይም፤ ጨዋታው ተገልብጦ ሴቩ ይቀራል። ዊንዶውስ ይህን ክፍል አይቶ «ፎርማት ይደረግ?» ብሎ ቢጠይቅ መልሱ እንቢ ነው። እንዲህ ያለው ክፍል የሚዛወረው ሄካቴ በሚባለው ማስነሻ ፕሮግራም መጠባበቂያ ቅጂ ተወስዶ በአዲሱ ካርድ ላይ በመመለስ ነው። ካርድ እንዲያዛውር የተቀጠረ ባለሙያ በቅድሚያ ሊጠየቅ የሚገባውም «ኢሙኤምኤምሲው በፎልደር ነው ወይስ በክፍል?» ተብሎ ነው። ግራ የሚጋባ ከሆነ ካርዱን አለመስጠት ይሻላል።

አሮጌው ፕሌይስቴሽን 2 ያለው ሰውም ተመሳሳይ ጥንቃቄ ያስፈልገዋል። በ8 ሜጋባይቱ ካርድ ላይ ያለው ሴቭ ወደ ሌላ ካርድ ይገለበጣል፤ ፍሪ ማክቡት የተባለው ማስነሻ ግን ከተጫነበት ካርድ ጋር የተቆራኘ ስለሆነ በግልበጣ አይሄድም፣ በአዲሱ ላይ እንደገና መጫን አለበት።

የመጨረሻው ቆጠራ

ግልበጣው ሲያበቃ በሁለቱ ካርዶች ላይ ያለው የፋይል ብዛትና ጠቅላላ መጠን ይመሳከራል። ከዚያ አዲሱ ካርድ መሣሪያው ውስጥ ገብቶ ጨዋታዎቹ አንድ በአንድ ይከፈታሉ፤ ሴቮቹም ይታያሉ። አሮጌው ካርድ ቀን ተጽፎበት ቢያንስ ለሁለት ሳምንት በመሳቢያ ይቀመጥ። ባዶ ካርድ ሸጦ የሚገኘው ገንዘብ መሣሪያው በሚቆምባቸው ጥቂት ቀናት ከሚታጣው ገቢ ጋር አይወዳደርም።

መሣሪያ ገዝቶ ወደዚህ ንግድ ለመግባት የሚያስብ ሰው ሌላም ሒሳብ አለበት። በቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒዩተር ፕሮግራም ጥበቃ ያገኛል፤ ጨዋታም ፕሮግራም ነው። የራስን ንብረት ከካርድ ወደ ካርድ ማዛወር አንድ ነገር ነው፤ ያለ ባለመብቱ ፈቃድ ጨዋታ እያባዙ መሸጥ ግን ሌላ ነው። ስለሆነም ጌም ቤት ከነዕቃው የሚገዛ ሰው «በካርዱ ላይ 100 ጨዋታ አለ» የሚለውን የደላላ ቃል እንደ ንብረት ቆጥሮ ዋጋ መጨመር የለበትም። ዋጋ የሚሰጠው ለመሣሪያው፣ ለቦታውና ለደንበኛው ነው።